ቁልፉን አስረክበው ወጡ፤ ቫልቩ የት ነው?

ጥያቄው እንዲህ ይላል፦ «በሰሜን ሸዋ፣ በደጋው በኩል ባለች ከተማ የውሃ አገልግሎት ጽሕፈት ቤት ኃላፊ ነኝ። አምና አንድ አንጋፋ የመስመር ቴክኒሻናችን 60 ሞልቷቸው ጡረታ ወጡ። ንብረት አስረከቡ፣ ክሊራንስ ጨረሱ፣ ሸኘናቸው። ከሦስት ወር በኋላ ዋናው መስመር ሌሊት ፈነዳ። የሚዘጋውን ቫልቭ ፍለጋ ሁለት ቀን ቆፈርን። ለካ ኮብልስቶን ሲነጠፍ ከሥር ቀርቷል። ግማሹ ከተማ ውሃ አጣ። በሚመጣው ዓመት ደግሞ ሦስት ነባሮች ይወጣሉ፤ ሁለቱ የፓምፕ ኦፕሬተሮች ናቸው። ሠራተኛው የሚያውቀውን እንዲጽፍ ቅጽ በትነን ነበር። የመለሱት ሦስት ብቻ ናቸው። እነሱም ‹ሥራዬን በአግባቡ እሠራለሁ› ዓይነት ነው የጻፉት። ነባሮቹ እውቀታቸውን ይደብቃሉ ብዬ እጠረጥራለሁ። የአይሲቲ ባለሙያችን የእውቀት ማከማቻ ሶፍትዌር እንግዛ ይላል። በጀት አለ፤ ሰኔ 30 ሳይደርስ ካልተሠራበት ግን ይመለሳል። ብንገዛ ይሻላል? ነባሮቹንስ በደብዳቤ ማስገደድ እችላለሁ?»

ሶፍትዌሩን ዘንድሮ አይግዙ። ሶፍትዌር መጥፎ ሆኖ አይደለም። የምትከቱበት ነገር ገና ስለሌላችሁ ነው። ጎተራ ሠርቶ ገብሱ በራሱ ተጉዞ ይገባል ብሎ እንደመጠበቅ ይሆናል። ቅጹም የነገረዎት ይህንኑ ነው። በወረቀት ሲጠየቅ ያልመለሰ ሰው በኮምፒውተር ሲጠየቅ አይመልስም። በጀቱ ይመለሳል ተብሎ መቸኮልም አያስፈልግም። ገንዘቡ የሚውልበት ሌላ ነገር አለ፤ ኋላ እመጣበታለሁ።

መጀመሪያ ክሊራንሱን አውጥተው ያንብቡት። ንብረት ክፍል ይፈርማል፤ ፋይናንስ ይፈርማል፤ የሰው ኃይል ይፈርማል። ወንበሩ ይቆጠራል፤ የመሣሪያ ሳጥኑ ይቆጠራል፤ ቦት ጫማው ሳይቀር ይቆጠራል። አንዲት ካቻቢቴ ብትጎድል ሰውየው ይጠየቃሉ። የትኛው ቧንቧ በየት በኩል እንደሚያልፍ ሲያውቁ የኖሩ ሰው ያንን ለማን እንዳስረከቡ የሚጠይቅ መስመር ግን ወረቀቱ ላይ የለም። ይሄ የእናንተ ጉድለት ብቻ እንዳይመስልዎት። እኔ እስካሁን ያየኋቸው ክሊራንሶች ሁሉ እንዲሁ ናቸው። እኚህ ሰው የተጠየቁትን በሙሉ አስረክበዋል። ያልተጠየቁት አብሯቸው ሄደ።

ስለዚህ «ይደብቃሉ» የሚለውን ቀስ ብለን እንየው። ሦስት የተለያዩ ነገሮች በአንድ ስም ተጠርተዋል። አንደኛው፣ ሰውየው ማንም ስላልጠየቃቸው አልተናገሩም። ቫልቩ የዚህ ዓይነት ነው። በሥራ ላይ እያሉ «ይሄ ቫልቭ የት ነው?» ብሎ የጠየቀ ቢኖር በሁለት ደቂቃ ያሳዩት ነበር። ሁለተኛው፣ ሰውየው ማወቃቸውን ራሳቸውም ልብ አላሉትም። ሦስተኛው፣ አውቀው ዝም ብለዋል። መድኃኒታቸው ለየቅል ነው። ቅጹ የሚረዳው ለመጀመሪያው ብቻ ነው፤ ለእሱም ቢሆን በግማሽ።

ብዙ ሰው የሚስተው ሁለተኛው ላይ ነው። እናትዎን እንጀራ እንዴት እንደሚጋገር ጻፉልኝ ቢሏቸው ይነግሩዎታል፦ ዱቄት፣ እርሾ፣ ውሃ፣ ሦስት ቀን፣ አብሲት። ወረቀቱን ይዘው ቢጋግሩ ግን ዓይን አያወጣልዎትም። የአብሲቱ ውፍረት፣ ሊጡ ሲነሳ የሚያሳየው መልክ፣ የምጣዱ ሙቀት፤ እናትዎ እነዚህን በዓይንና በእጅ እንጂ በቃል አልያዟቸውም። ማይክል ፖላኒ የተባለ የሃንጋሪ ተወላጅ ምሁር ይህን ነገር በሰፊው አስረድቷል። ሰው የሚያውቀው ነገር በአፉ ሊያስረዳ ከሚችለው ይበልጣል ነው የሚለው። የእናንተ ኦፕሬተርም እንዲሁ ናቸው። ካቻቢቴውን ፓምፑ ላይ ያስደግፉና እጀታውን ጆሯቸው ላይ ያደርጋሉ። ከዚያ «ኩሽኔታው ሊሄድ ነው» ይላሉ። እንዴት አወቁ ብትሏቸው «ድምፁ ነዋ!» ነው መልሳቸው። አልደበቁም። ያላቸው ቃል እሱ ብቻ ነው።

ጃፓኖች ይህን በዳቦ አይተውታል። እ.ኤ.አ. በ1980ዎቹ አጋማሽ ማትሱሺታ የሚባለው ኩባንያ (የዛሬው ፓናሶኒክ ነው) ቤት ውስጥ አቡክቶ የሚጋግር የዳቦ ማሽን ለመሥራት ይሞክር ነበር። ዳቦው ላዩ ያርራል፣ ውስጡ ሊጥ ይሆናል። መሐንዲሶቹ በማሽን የታሸውንና ባለሙያ ያሸውን ሊጥ በኤክስሬይ ሳይቀር አነጻጸሩ። ምንም አልተገኘም። ኢኩኮ ታናካ የምትባል የሶፍትዌር ባለሙያ ግን ኦሳካ ውስጥ በዳቦው የታወቀ ሆቴል ሄዳ ከዋናው ጋጋሪ ሥር ሆና መማር ጀመረች። አንድ ቀን ሰውየው ሊጡን ሲስበው ጠምዘዝም እንደሚያደርገው አየች። ይህን በቃለ መጠይቅ አልተናገረውም። እሱ ዘንድ ነገር ሆኖ አይቆጠርም ነበርና። ያየችው አጠገቡ ቆማ ስትሠራ ነው። ማሽኑ እንደዚያ እንዲጠመዝዝ ተደርጎ ተሠራና እ.ኤ.አ. በ1987 ገበያ ላይ ዋለ። እዚህ ላይ ልብ ይበሉ። የላኩት ጸሐፊ አይደለም፤ የተማረችውን ራሷ ሥራ ላይ የምታውለውን ሰው ነው።

ወደ ሦስተኛው እንምጣ። አዎ፣ አውቆ ዝም የሚል አለ። ግን ከመፍረድዎ በፊት ቦታው ላይ ሆነው ያስቡት። ሌሊት መስመር ሲፈነዳ የሚጠሩት እሳቸው ናቸው። የትርፍ ሰዓት ክፍያው የእሳቸው ነው። ኃላፊው ሳይቀር «ጋሼ፣ ይድረሱልን» ብሎ የሚደውለው ለእሳቸው ነው። ያንን እውቀት ሲያካፍሉ የሚያገኙት ምንድን ነው? አንድ የምስክር ወረቀት? እሱም ከመጣ። የሚያጡት ግን ቁልጭ ብሎ ይታያቸዋል። እኔም ብሆን ዝም እል ነበር። በደብዳቤ ቢያስገድዷቸው ሁለት ገጽ ጽፈው ይሰጡዎታል። ሁለቱም ገጽ እውነት ይሆናል፤ ግን አንዱም አይጠቅምዎትም።

ሰው እንዲናገር የሚያደርገው ምንድን ነው? ዜሮክስ የተባለው የፎቶ ኮፒ ማሽን ኩባንያ ጥሩ ትምህርት ትቷል። ጁሊያን ኦር የሚባል አንትሮፖሎጂስት የኩባንያውን ጥገና ሠራተኞች እየተከተለ አጠናቸው። ማኑዋሉ ላይ የሌለውን ብልሽት የሚፈቱት ምሳና ቡና ላይ በሚያወሩት ወሬ ሆኖ አገኘው። «ያ ማሽን እንዲህ አድርጎኝ፣ እኔ ደግሞ እንዲህ ብዬው» የሚለው ወሬ ነው ሥራውን የያዘው። በኋላ ኩባንያው እነዚህን ብልሃቶች የሚያጋራበት ሥርዓት ሠራ። እያንዳንዱን ምክር የሚመዝኑት ሌሎች ጠጋኞች ናቸው። ካለፈ የባለቤቱ ስም አብሮት ይቀመጣል። ለእያንዳንዱ ምክር ገንዘብ እንክፈል የሚል ሐሳብ ተነስቶ ሳይሆን ቀረ፤ ሰው ቁጥር ብቻ ለማብዛት ይጽፋል ተብሎ ተፈርቶ ነው። የእጅ ባለሙያን የሚያናግረው የሥራ ባልደረባው አድናቆት ነው። ይህን ስል ጊዜያቸው አይከፈልበት ማለቴ አይደለም። ለጊዜው ይክፈሉ፤ ለብልሃቱ ስማቸውን ያስቀምጡ።

አሁን «ሁሉም የሚያውቀውን ይጻፍ» ወደሚለው እንለፍ። እዚህ ላይ ራሴ ተሳስቼ ነው የተማርኩት። የዛሬ ብዙ ዓመት በአንድ መሥሪያ ቤት የአሠራር ማኑዋል አዘጋጅ ተብዬ ወደ 180 ገጽ ጻፍኩ። ምዕራፍ አለው፣ ማውጫ አለው፣ ሽፋኑ ባለቀለም ነው። ከዓመት በኋላ ስሄድ ማኑዋሉን የኮምፒውተር ስክሪን ከፍ ማድረጊያ አድርገውታል። ተናደድኩ። ቆይቼ ሳስበው ግን ልክ ነበሩ። ሌሊት 8 ሰዓት ላይ ውሃ እየፈሰሰ 180 ገጽ የሚያገላብጥ ሰው የለም። ደግሞ የጻፍኩት ሁሉም የሚያውቀውን ነበር። ጥቂት ሰው ብቻ የሚያውቀውን፣ ለየት ያለውን፣ «እዚህች ጋ ተጠንቀቅ» የሚያሰኘውን አልጻፍኩም። አላውቀውማ!

ስለዚህ መጀመሪያ መምረጥ ነው። ለእያንዳንዱ ለሚወጣ ሰው አንድ ጥያቄ ይጠይቁ፦ እኚህ ሰው ሰኞ ባይመጡ የሚቆመው ሥራ የቱ ነው? ራሳቸውን፣ አብሯቸው የሚሠራውን፣ ከሥራቸው ውጤት የሚቀበለውንም ይጠይቁ። ምናልባት አሥር ነገር ይመጣል። ከእሱ ውስጥ ሌላ ሰው የሚያውቀውን ይሰርዙ። ቢጠፋም ብዙ የማይጎዳውን ይሰርዙ። አራት ወይም አምስት ይቀራል። የእናንተ ሥራ ያ ነው። ሌላው ይለፍ። ይህን ስል አንዳንድ አማካሪ ይቆጣ ይሆናል። አይኤስኦ 9001 የሚባለው ዓለም አቀፍ የጥራት አሠራር መስፈርት እንኳ እ.ኤ.አ. በ2015ቱ እትሙ ድርጅት ለሥራው የሚያስፈልገውን እውቀት ለይቶ እንዲያውቅና እንዲጠብቅ ይጠይቃል እንጂ ሁሉን ጻፉ፣ ሲስተም ግዙ አይልም።

የቀረው በሦስት ይከፈላል። ቦታና ቁጥር የሆነ ነገር ይጻፋል። ውሳኔ የሆነ ነገር በታሪክ ይተላለፋል። እጅ የሆነ ነገር አብሮ በመሥራት ብቻ ይተላለፋል። በዚህ ቅደም ተከተል ልሂድ።

ቫልቮቹ የመጀመሪያው ክፍል ናቸው። ቀላል ይመስላል፤ ግን በስህተት የሚሠራው እዚህ ነው። ነባሩን ሰው ወረቀት ሰጥተው ቢሮ አያስቀምጧቸው። መስመሩን በእግር ያስኪዷቸው። እስክሪብቶውን የሚይዘው ወጣቱ ቴክኒሻን ይሁን። ነባሩ ይናገሩ፤ ወጣቱ ይሳል፤ ነባሩ ስዕሉን አይተው ያርሙ። ሰው የተሳሳተ ስዕል ሲያይ ዝም ማለት አይችልም፤ ባዶ ወረቀት ሲያይ ግን ዝም ይላል። «ከእገሌ ጠጅ ቤት ፊት ለፊት» የሚል ምልክት አይቀበሉ። ጠጅ ቤቱ ነገ ፎቅ ይሆናል። የስልክ ጂፒኤስም ብቻውን አይበቃም። ሰማዩ ገላጣ ሆኖ እንኳ አምስት ሜትር ያህል ሊስት ይችላል። አምስት ሜትር በኮብልስቶን ላይ ምን ማለት እንደሆነ ከእኔ ይልቅ እርስዎ ያውቁታል። ከሁለት የማይነቃነቁ ማዕዘኖች፣ ለምሳሌ ከድልድይ ጫፍና ከድንጋይ አጥር ጥግ፣ በሜትር ይለኩ። ሁለቱን ልኬት ይጻፉ። ፎቶ ያንሱ። ቫልቩ ወደየት ሲዞር እንደሚዘጋ፣ ስንት ዙር እንደሚፈልግ፣ ሲዘጋ የትኛው ሰፈር ውሃ እንደሚያጣ ይመዝግቡ። ከዚያ ማንም ያልረዳው ሌላ ሰው ወረቀቱን ብቻ ይዞ ሄዶ ያግኘው። ካላገኘው አልተጻፈም ማለት ነው።

ሁለተኛው ክፍል የኦፕሬተሮቹ ነው። «ምን ታውቃለህ?» ተብሎ አይጠየቅም። ለዚህ መልስ ያለው ሰው አላጋጠመኝም። «ባለፈው ፓምፑ ሲቆም ምን ተፈጠረ?» ብለው ይጀምሩ። መጀመሪያ ምን አዩ? አምፔሩ ስንት ላይ ነበር? ምን መሰልዎት? ከዚያ ምን አደረጉ? አንድ ጀማሪ ቢሆን ምን ያበላሽ ነበር? የመጨረሻዋ ጥያቄ ወርቅ ናት። ነባር ሰው የራሱን ብልሃት አይታየውም፤ የጀማሪን ስህተት ግን አብጠርጥሮ ይነግርዎታል። ለምሳሌ ብዙ ኦፕሬተር መብራት ሄዶ ሲመለስ ፓምፑን ወዲያው አያስነሳም። ጥቂት ደቂቃ ይጠብቃል። ወጣቱ ይህን ሲያይ ሽማግሌው የዘገዩ ይመስለዋል። ምክንያቱ ግን አለ። መብራት እንደመጣ ቮልቴጁ ይዋዥቃል። በቧንቧው ያለው ውሃ ወደ ኋላ እየተመለሰ ከሆነም ፓምፑ ወደ ኋላ እየዞረ ሳለ ማስነሳት ዘንጉን ሊሰብር ይችላል። በበጋ የጉድጓዱ ውሃ ሲወርድ ደግሞ አምፔሩ መወዛወዝ ይጀምራል። ነባሩ የመውጫውን ቫልቭ ትንሽ ጠበብ አድርገው ፓምፑ አየር እንዳይስብ ያደርጋሉ። ደንቡን ብቻ ከጻፋችሁ ይረሳል ወይም ይጣሳል። ምክንያቱን አብራችሁ ጻፉ። ምክንያቱን ያወቀ ሰው ሁኔታው ሲለወጥ ራሱ ያስባል።

ሦስተኛው ጊዜ ይፈልጋል። ድምፅ መስማት፣ ብሎን ስንት ሲጠብቅ እንደሚበቃ በእጅ ማወቅ፣ የቧንቧውን ንዝረት መለየት። ለዚህ ሀገራችን መምህር አላጣችም። ቅኔ ቤት ይመልከቱ። ተማሪው ቅኔውን ይቆጥራል፤ ከዚያ ይነግራል። ይታረማል፣ ተመልሶ ይቆጥራል። ደግሞ ሁሉም በቀጥታ ዋናው መምህር ዘንድ አይደርስም። በመካከል አስነጋሪ አለ፤ በትምህርቱ ገፍቶ የታናናሾቹን የሚሰማ። ይህ ሰው ጠቃሚ የሆነው ለሁለቱም ስለሚቀርብ ነው። የጀማሪው ግራ መጋባት ገና አልጠፋበትም። የእናንተም ቤት ውስጥ እንዲህ ያለ ሰው አለ፤ ስምንት ወይም አሥር ዓመት የሠራው። አዲስ ተቀጣሪን በቀጥታ ከጡረተኛው ጋር ብቻ አያጣምሩ። መካከለኛውን ጨምሩበት። መንዝ ውስጥ ባና (የበግ ፀጉር ብርድ ልብስ) የሚሠራውን ሸማኔም ያስቡ፤ ልጁ ሥራውን የያዘው በወረቀት አይደለም። አጣማጅነቱ ግን ደንብ ይኑረው። የመጀመሪያው ወር ነባሩ ይሠራሉ፣ ወጣቱ ያያል። ከዚያ ወጣቱ ይሠራል፣ ነባሩ እጃቸውን ኪስ ውስጥ ከተው በአፍ ብቻ ይመራሉ። ይህቺ እጅ ኪስ ውስጥ መክተት ከባድ ናት። የለመደ እጅ ዝም ብሎ አያይም። ሦስተኛው ደረጃ ላይ ነባሩ ሌላ ክፍል ይቀመጡና ሲጠሩ ብቻ ይምጡ።

በዚህ ላይ አንድ ትንሽ ልማድ ይጨምሩ። አርብ ከሰዓት ግማሽ ሰዓት፣ ቡና ተፈልቶ። አራት ጥያቄ ብቻ፦ ምን ሊሆን ነበር የታሰበው? ምን ሆነ? ለምን ተለያየ? ቀጥሎ ምን እናድርግ? የአሜሪካ ጦር ከልምምድ በኋላ የሚያደርገው ነው፤ ለቧንቧም ይሠራል። ግን ማስጠንቀቂያ አለኝ። «ግምገማ» ብለው አይጥሩት። እኛ ሀገር ግምገማ የሚለው ቃል ምን እንደሚያስታውስ ያውቃሉ። ቃሉ ሲነሳ ሰው ሁሉ መከላከያውን ይዞ ይገባል። ጥፋተኛ የሚጠቁም ቃለ ጉባዔም አይያዝ። የሚጻፈው የተገኘው ብልሃት ብቻ ነው። አንድ ሰው በዚያ ቡና ላይ በተናገረው ስህተት ከተቀጣ፣ ከዚያች ቀን በኋላ ስለ አየር ጠባይ ብቻ ነው የምታወሩት። መጀመሪያ የራስዎን ስህተት ይናገሩ፤ የቫልቩን ታሪክ ለምሳሌ። ሌላው ይከተላል።

የልምድ ልውውጥ የሚባለውን ጉዞ ካሰቡም ልንገርዎት። ብዙ ጊዜ የሚሄዱት ኃላፊዎች ናቸው፤ አበሉ ይከፈላል፣ ሪፖርቱ ይፋይላል፣ ቫልቩ እንደተቀበረ ይቀራል። ከላኩ ሥራውን በእጁ የሚሠራውን ሰው ይላኩ፤ አንድ የተለየ ጥያቄ አስይዘው።

አሁን የት ይቀመጥ የሚለው። ለጊዜው አንድ ጠንካራ መዝገብ፣ በፓምፕ ቤቱ ግድግዳ ላይ በላስቲክ የተሸፈኑ አንዳንድ ገጾች፣ አንድ የጋራ ኮምፒውተር ይበቃል። ሠራተኞቻችሁ መቼም የቴሌግራም ግሩፕ አላቸው። መልካም ነው፤ መተየብ የሚያስቸግራቸው ሽማግሌ በድምፅ ይናገራሉ። ግን ቴሌግራም መንገድ እንጂ ቤት አይደለም። ዛሬ የተባለው ነገ በእንኳን አደረሳችሁ ሥር ይቀበራል። ግሩፑም በአንድ ሰው የግል ስልክ የተከፈተ ከሆነ ሰውየው ሲለቅ ጣጣ ነው። በሳምንት አንዴ አንድ ሰው ጠቃሚውን መርጦ ወደ መዝገቡ ያሻግር። የመስመር ካርታውንና የፓምፑን የኤሌክትሪክ ፓናል ዝርዝር ደግሞ ግሩፕ ላይ አይልቀቁ። የከተማ ውሃ ነው፤ ማን እጅ እንደሚገባ አይታወቅም።

የኮምፒውተሩ ፋይል ላይ የራሳችን ችግር አለ፤ ከውጭ የመጣ ሶፍትዌር ሁሉ አይፈታላችሁም። አንዱ «ውሃ» ይጽፋል፣ አንዱ «ውኃ»፣ አንዱ «ዉሃ»። ለእኛ አንድ ነው። ለማሽኑ ሦስት ነው። ጸሎቱን በጸ እና በፀ፣ ሠራተኛውን በሠ እና በሰ። በአንዱ ስትፈልጉ ሌላው አይመጣም። ብዙ የምትጠቀሙባቸውን 30 ቃላት አጻጻፍ ወስናችሁ ግድግዳ ላይ ለጥፉ። የቫልቭም የፓምፕም ስም በቁጥር ይሁን። ቀን ስትጽፉ ዓ.ም. ወይም እ.ኤ.አ. መሆኑን ሁሌም አስፍሩ፤ የፓምፑ ሰነድ በፈረንጅ፣ የእናንተ መዝገብ በእኛ ሲሆን ሰባትና ስምንት ዓመት ይሳሳታል። ሰዓትም እንዲሁ። መዝገቡ «8 ሰዓት» ካለ ቀን ነው ሌሊት? በማን አቆጣጠር? የድሮ ፋይል ካላችሁ ደግሞ ዛሬውኑ ክፈቱት። የኛ ፊደል ዩኒኮድ (ኮምፒውተሮች ሁሉ የሚግባቡበት የፊደላት ኮድ) ውስጥ የገባው እ.ኤ.አ. በ1999 ነው። ከዚያ በፊት፣ ከዚያም በኋላ ብዙ ዓመት፣ በሌላ ፎንት የተተየበ አለ። ፎንቱ ከሌለ የሚታየው የተዘበራረቀ ነገር ነው። ፎንቱ ያለበት አሮጌ ኮምፒውተር ሳይጣል አትሙት። አንድ ቅጂም ከጽሕፈት ቤቱ ውጭ ይቀመጥ። ባለፉት ዓመታት በዞናችን ሰነዱ የተቃጠለበት ወይም የተዘረፈበት መሥሪያ ቤት እንዳለ ለእርስዎ አልነግርዎትም።

የመዝገቡና የቡናው ነገር ያለ ባለቤት እንደማይቆም ለማየት ሩቅ አይሂዱ። መንዝ ጓሳን፣ ያን በማኅበረሰብ የሚጠበቅ የደጋ ሣር ምድር ያስቡ። ጓሳ ሣር ለቤት ክዳንም ለገመድም ይሆናል። የአካባቢው ሰው ለብዙ ዘመን ቦታውን ከሦስት እስከ አምስት ዓመት እየዘጋ፣ በሽማግሌ ውሳኔ እየከፈተ ሲጠቀምበት ኖሯል። ሥርዓቱ በ1967 ዓ.ም. ከመሬት አዋጁ በኋላ ፈረሰ። ከዚያ በኋላ በቦታው ላይ ጫናው በዛ። ልብ ይበሉ፤ ሣሩ መቼ እንደሚደርስ የሚያውቀው ሰው በአንድ ቀን አልጠፋም። የጠፋው «አሁን ይዘጋ» ሲል የሚሰማለት ነው። በኋላ ማኅበረሰቡ እንደገና ተደራጅቶ ጥበቃውን ሲይዝ ነው ነገሩ የተስተካከለው። እናንተ ዘንድም ለመዝገቡ በሥራ ዝርዝሩ ላይ የተጻፈ ኃላፊነት ያለው አንድ ሰው ያስፈልጋል። ክረምት ካለፈ በኋላ በየዓመቱ ቫልቮቹን ዞሮ የሚያይ፣ የተለወጠውን የሚያርም። መንገድ ወይም ኮብልስቶን ሊነጠፍ ሲል ከማዘጋጃ ቤት ጋር የሚቆመውም እሱ ይሁን።

ሁለት ገደቦችን ልናገር። የነባር ሰው ልማድ ሁሉ እውቀት አይደለም። ፓምፑ ቶሎ ቶሎ እንዳይጠፋባቸው መከላከያ ሪሌውን (ችግር ሲኖር ሞተሩን የሚያጠፋውን) ዘለው ያገናኙ ኦፕሬተር አይቻለሁ። ለዓመታት ሠርቷል፤ አንድ ቀን ሞተሩ ተቃጠለ። ስለዚህ የተሰበሰበውን ብልሃት መሐንዲስ ወይም ኤሌክትሪሻን ይመርምረው። ሲመረምር ግን ሽማግሌውን በሰው ፊት አያዋርድ። ሌላው ገደብ ደመወዝ ነው። አሠልጥናችሁ ያበቃችሁት ወጣት ደብረ ብርሃን ፋብሪካ የተሻለ ከከፈለው ይሄዳል። ይህን የእውቀት አስተዳደር አይፈታውም። የሚቻለው አንድ ሳይሆን ሁለት ሰው ማሠልጠን ነው። ደግሞም የተወሰነው ነገር መቅረቱ አይቀርም። በ30 ዓመት የመጣ ጆሮ በጥቂት ወር አይተላለፍም። ግማሹን ካተረፋችሁ በደንብ ሠርታችኋል።

ገንዘቡን በዚህ አውሉት፦ ሜትር፣ የቫልቭ ሳጥን ክዳን፣ ቀለም፣ አንድ ጥሩ ስልክ፣ የመዝገብ ኅትመት፣ የተቀበሩ ሳጥኖችን ወደ ላይ ማውጣት። የቀረው ለነባሮቹ ጊዜ ይሁን። ከጡረታ በኋላ በወር ጥቂት ቀን በውል የሚመጡበትን መንገድ ከፋይናንስና ከሰው ኃይል ጋር አሁን ጨርሱ፤ ከወጡ በኋላ አይሆንም። ክሊራንሱ ላይ አንድ መስመር ይጨመር። የሚፈርመው ግን የሚወጣው ሰው አይደለም፤ የተረከበው ነው። «ቫልቭ ቁጥር 1 እስከ 14ን ብቻዬን አግኝቼ ዘግቻለሁ» ብሎ ይፈርም።

ደብዳቤ መጻፍዎ አይቀርም መሰለኝ። ይጻፉ፤ ግን ለነባሮቹ ሳይሆን ለፈረቃ አስተባባሪው። ሦስቱ ሰዎችና አጣማጆቻቸው በሳምንት ሁለት ቀን ከመደበኛ ፈረቃ ነጻ እንዲሆኑ ይዘዙ። ማስተማርን ማዘዝ አይችሉም። ጊዜ መስጠትን ግን ማዘዝ ይችላሉ። እስካሁን ያላደረጉትም እሱን ነው።

አምና የወጡት ሰውዬስ? ከተማው ውስጥ ናቸው አይደል? ስልካቸውም አለዎት። ሰኞ ጠዋት ራስዎ ይደውሉላቸው፤ ጸሐፊዎ አትደውል። የቀን አበል ይመድቡ፣ ባጃጅ ይላኩ፣ ወጣቱን ቴክኒሻን ከሜትሩና ከቀለሙ ጋር አጠገባቸው ያስቀምጡ። መስመሩን ከምንጩ ጀምረው ያዙሯቸው። ኮብልስቶን የሚያነሳ አንድ ሰውም ዶማውን ይዞ ከኋላ ይከተል።